ቃሉ ሲቀየር ዒላማው ያልተቀየረበት ዘመቻ፦ ስለ ሶሻሊስት መንግሥታት «ፀረ ጽዮናዊነት» ለቀረበ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን በአማርኛ የወጣ አንድ ጽሑፍ ሁለት ጊዜ አነበብኩ፤ ሁለተኛውን እርሳስ ይዤ ነበር። ጸሐፊው በተረጋጋ አንደበት የሚያቀርቡት ክርክር ባጭሩ ይህ ነው፦ ሶቪየት ኅብረትና የምሥራቅ አውሮፓ ሶሻሊስት መንግሥታት አይሁድን ያሳድዱ ነበር የሚባለው የቀዝቃዛው ጦርነት ፈጠራ ነው፤ መንግሥታቱ የታገሉት ጽዮናዊነትን፣ ማለትም አይሁድ በፍልስጤም ምድር የራሳቸውን መንግሥት ያቋቁሙ የሚለውን የፖለቲካ ንቅናቄ እንጂ ሕዝቡን አልነበረም። ለዚህም የሶቪየት ሕግ የአይሁድ ጥላቻን መከልከሉን፣ ሞስኮ ለእስራኤል ዕውቅና በመስጠት መቅደሟን፣ በ1952 በፕራግ የተካሄደው ችሎት የፓርቲ የውስጥ ሽኩቻ መሆኑን፣ በ1968 ከፖላንድ የወጡት አይሁድ በፈቃዳቸው መሄዳቸውን፣ ጽዮናዊነትን ያወገዙትም ራሳቸው አይሁድ መሆናቸውን በማስረጃነት ይደረድራሉ። መደምደሚያቸውም ይህን ታሪክ ዛሬ የሚያነሡ ሰዎች እስራኤልን የሚተች ሁሉ አፉን እንዲዘጋ የሚፈልጉ ናቸው የሚል ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ፣ እንደ እርሳቸው፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የማልከራከርበትን አስቀድሜ ልናገር። ጽዮናዊነትን መቃወም በራሱ አይሁድን መጥላት አይደለም፤ ንቅናቄው ሲጀመር አጥብቀው ከተቃወሙት መካከል ረቢዎችና የአይሁድ ሶሻሊስቶች ነበሩ፤ ወደ ሶሻሊስቶቹ በኋላ እመለሳለሁ። የእስራኤልን መንግሥት ሥራም እንደማንኛውም መንግሥት ሥራ መንቀፍ ይቻላል። የእኔ ጥያቄ ከዚህ የተለየ ነው። አንድ ስያሜ የፖለቲካ አቋምን የሚያመለክት ከሆነ፣ ሰው አቋሙን በማስረዳት ከስያሜው መውጣት ይችላል፤ ሞናርኪስት (የንጉሥ ሥርዓት ደጋፊ) ነህ የተባለ ሰው ሪፐብሊክን እንደሚደግፍ ካሳየ ክሱ ይወድቃል። በሞስኮ፣ በፕራግና በዋርሶ «ጽዮናዊ» የተባለ ሰው ግን ምንም ቢያስረዳ መውጫ አልነበረውም፤ ወደ ስያሜው ያስገባው አቋሙ ሳይሆን ትውልዱ ነበርና።

ጸሐፊው የሚነሡት ከሕግ ነው፤ እኔም ከዚያው ልነሣ። የቦልሼቪክ መንግሥት በጁላይ 1918 ፀረ ሴማዊነትን፣ ማለትም የአይሁድ ጥላቻን፣ የሚያወግዝ አዋጅ ማውጣቱ እውነት ነው። ሌኒን በ1919 በሸክላ በተቀረጸ ንግግሩ በአይሁድ ላይ የሚፈጸመውን ጭፍጨፋ ማውገዙም፣ በዚያ የእርስ በርስ ጦርነት ለብዙ የአይሁድ መንደሮች ቀይ ጦር መጠጊያ መሆኑም አይካድም። ስታሊን በ1931 ለአንድ የአይሁድ ዜና ወኪል በሰጠው መልስ የአይሁድ ጥላቻን ከሰው በላነት ቅሪቶች ሁሉ አደገኛው ብሎታል፤ ጸሐፊው ይህን ቃል በደማቅ ቀለም አስፍረውታል። ነገር ግን የአንድን መንግሥት ጠባይ በሕግ መጽሐፉ ብቻ የሚመዝን ሰው ምን ያህል ሊሳሳት እንደሚችል የእኛ ትውልድ ሊጠፋው አይገባም፤ በአብዮቱ ዘመን ስንት መልካም አንቀጽ አንብበናል።

ከሕጉ በኋላ የሆነውን እንመልከት። ሶሎሞን ሚኾኤልስ በሞስኮ የይዲሽ (የምሥራቅ አውሮፓ አይሁድ ቋንቋ) ቴአትር መሪ፣ በጦርነቱም ጊዜ በ1942 የተቋቋመው የአይሁድ ፀረ ፋሺስት ኮሚቴ ሊቀ መንበር ነበር። በጃንዋሪ 1948 የጸጥታ ሰዎች ሚንስክ ከተማ ውስጥ ገደሉትና የመኪና አደጋ አስመስለው ሬሳውን መንገድ ላይ ጣሉት። ያው መንግሥት በክብር ቀበረው። በዚያው ዓመት መጨረሻ ኮሚቴው ተዘጋ፤ በኦገስት 1952 ከኮሚቴው ጋር በተያያዘ ክስ 13 ሰዎች ተረሸኑ፤ ከእነርሱም መካከል እንደ ፔሬጽ ማርኪሽና ዳዊት ቤርጌልሶን ያሉ የይዲሽ ደራስያን ይገኙበታል። እነዚህ ሰዎች ጽዮናውያን አልነበሩም። ደራስያኑ የሶቪየትን ሥርዓት በግጥምና በልብ ወለድ ሲያወድሱ የኖሩ፣ የሚጽፉበትንም ቋንቋ ከጽዮናውያን ዕብራይስጥ ይልቅ የመረጡ ነበሩ።

ይህ በምሥጢር የተሠራ ሥራ ነው፣ ፕሮፓጋንዳ ግን አይደለም ይሉኝ ይሆናል። እንግዲያው በአደባባይ የታተመውን እንይ። በጃንዋሪ 28 ቀን 1949 የፓርቲው ጋዜጣ ፕራቭዳ «ፀረ አርበኛ» ባላቸው የቴአትር ሐያስያን ላይ ዘመቻ ከፈተ፤ ከተጠቀሱት ውስጥ የሚበዙት አይሁድ ነበሩ። በቀጣዮቹ ሳምንታት ሌሎች ጋዜጦች ተከተሉና «ሥር የለሽ ኮስሞፖሊታን» (አገር የለሽ የዓለም ዜጋ) የሚለው ሐረግ በየገጹ ተዘራ። በዚህ ዘመቻ ውስጥ አንባቢው ልብ እንዲለው የምፈልገው ትንሽ ምልክት አለች፤ ቅንፍ ናት። በሩሲያኛ የብዕር ስም የሚጽፍ ሐያሲ ሲወቀስ ጋዜጣው ስሙን ጽፎ አጠገቡ በቅንፍ የትውልድ ስሙን ያስቀምጥ ነበር፦ ሆሎዶቭ (ሜዬሮቪች)፣ ያኮቭሌቭ (ሆልስማን)። ስለ ጽዮን አንድ ቃል አልተጻፈም። ሰውየው ስለ ሩሲያ ተውኔት የጻፈው ሂስ ትክክል ነው ወይስ ስሕተት የሚለውን ለመዳኘት የአባቱ ስም ምን ይጨምራል? ለአንባቢው የሚጨምረው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ያንንም ያለ አንዳች ስድብ፣ ሕግ ሳይጥስ ይናገራል። ለነገሩ ቅንፉ የጎደለውን መታወቂያ ደብተሩ ይሞላው ነበር፤ ከ1932 ጀምሮ በሶቪየት የአገር ውስጥ ፓስፖርት ላይ «ብሔር» በሚለው መስመር «አይሁዳዊ» የሚል ቃል ይሰፍር ነበርና። በመታወቂያ ላይ እንዲህ ያለ መስመር ክፉ ቀን ሲመጣ ምን እንደሚሠራ ለአማርኛ አንባቢ ማብራራት የለብኝም።

የዘመቻው ጫፍ በጃንዋሪ 13 ቀን 1953 መጣ። ፕራቭዳ የሶቪየት መሪዎችን በሕክምና ስም ሲገድሉ ደረስኩባቸው ያላቸውን ዘጠኝ ሐኪሞች ስም አወጣ፤ ስድስቱ አይሁድ ነበሩ። ከሞተ አምስት ዓመት የሆነው፣ መንግሥት በክብር የቀበረው ሚኾኤልስም በዚያ ጽሑፍ «የአይሁድ ቡርዣ ብሔርተኛ» ሆኖ ተመለሰ። ስታሊን ማርች 5 ቀን ሞተ፤ በኤፕሪል መጀመሪያ ሐኪሞቹ ተለቀቁ፤ ያው ፕራቭዳም ጉዳዩን ያቀነባበሩት የጸጥታ ሹማምንት በሶቪየት ሕዝቦች መካከል የብሔር ጥላቻ ለመቀስቀስ እንደሞከሩ፣ ሚኾኤልስም ስሙ ያለ አግባብ የጠፋ ሐቀኛ ሰው እንደነበር ጻፈ። ጸሐፊው «የቀዝቃዛው ጦርነት ፈጠራ» ያሉትን የመጀመሪያውን የእምነት ቃል ያሳተመው እንግዲህ የሶቪየት ኮሙኒስት ፓርቲ ጋዜጣ ነው።

ሁለተኛው ነጥብ፣ ሞስኮ ለእስራኤል የሰጠችው ዕውቅና፣ ብዙ አያቆየንም። የሶቪየት ተወካይ አንድሬይ ግሮሚኮ በሜይ 1947 በተባበሩት መንግሥታት ጉባኤ ላይ የአይሁድን የመንግሥት ጥያቄ ደግፎ መናገሩ፣ ሶቪየት ኅብረት በሜይ 17 ቀን 1948 ሙሉ ሕጋዊ ዕውቅና መስጠቷ፣ በእርሷም ፈቃድ ቼኮስሎቫኪያ ለአዲሱ መንግሥት የጦር መሣሪያና ተዋጊ አውሮፕላን መሸጧ እውነት ነው። ዓላማው ብሪታንያን ከመካከለኛው ምሥራቅ ማስወጣት ነበር። ዲፕሎማሲ የፍቅር መግለጫ አለመሆኑን ከራሳችን ታሪክም እናውቀዋለን፤ ደርግ በይፋ ግንኙነት ሳይኖረው ከእስራኤል መሣሪያ ያገኝ እንደነበር የእስራኤል የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር የነበረው ሞሼ ዳያን በ1978 መጀመሪያ በአደባባይ ሲናገር ዓለም ሰምቷል፤ በዚያው ሥርዓት ግን በጎንደር ዕብራይስጥ የሚያስተምሩ ቤተ እስራኤል ይታሰሩ ነበር። ጸሐፊው ያልጠየቁት ጥያቄ ደግሞ ከመልሱ ይበልጣል፦ ያ የመሣሪያ ሽያጭ በኋላ ምን ተባለ? መልሱ ፕራግ ነው።

የፕራጉ ችሎት ከኖቬምበር 20 እስከ 27 ቀን 1952 ተካሄደ። ከተከሳሾቹ ዋነኛው የቼኮስሎቫኪያ ኮሙኒስት ፓርቲ ዋና ጸሐፊ የነበረው ሩዶልፍ ስላንስኪ ነው። ጸሐፊው «የሥልጣን ሽኩቻ ነበር፤ ስላንስኪ ራሱ ብዙ ሰው ያሳሰረ ሰው ነው» ይላሉ። ሁለቱም እውነት ነው፤ ስላንስኪ ጻድቅ አልነበረም። ግን ሽኩቻ ብቻ ከሆነ የክሱ ጽሑፍ ለምን እንደዚያ ተጻፈ? ተከሳሾቹ 14 ነበሩ። በክሱ ላይ ከሦስቱ ስም አጠገብ «ቼክ» ወይም «ስሎቫክ» ተብሎ ተጽፏል። ከአሥራ አንዱ ስም አጠገብ የተጻፈው ግን «የአይሁድ ትውልድ ያለው» የሚል ነበር። እነዚህ ሰዎች ሃይማኖት የሌላቸው፣ አብዛኞቹም ለብዙ ዓመታት በፓርቲ ውስጥ የቆዩ ኮሙኒስቶች ናቸው። የተከሰሱትም የስታሊን ተቀናቃኝ የነበረው የትሮትስኪ፣ ከስታሊን የተጣላው የዩጎዝላቪያ መሪ የቲቶ፣ የጽዮናዊነትና የቡርዣ ብሔርተኝነት ሤረኞች ተብለው ነው፤ እነዚህን አራት ነገሮች በአንድ ጭንቅላት ውስጥ እንዴት ማኖር እንደሚቻል ዐቃቤ ሕጉ አላስረዳም። በእርሱ ፈንታ ችሎቱ በሬዲዮ ለአገሩ ሁሉ ተሰማ፤ ተከሳሾቹም መርማሪዎች ጽፈው ያስጠኗቸውን መልስ እንደ ውዳሴ ማርያም በቃላቸው ወጡት።

አንዱን ተከሳሽ በቅርብ እንየው። ሩዶልፍ ማርጎሊየስ ይባላል። ከኦሽዊትዝና ከዳካው የናዚ ማጎሪያ ካምፖች የተረፈ የሕግ ባለሙያ ነው፤ ወደ ፓርቲው የገባው ከጦርነቱ በኋላ፣ ያን የመሰለ ነገር ዳግም እንዳይመጣ ዋስትና የሚሰጠው ኮሙኒዝም ነው ብሎ ነበር። የውጭ ንግድ ምክትል ሚኒስትር ሆኖ ከብሪታንያ ጋር የንግድ ውል ተዋውሏል፤ ይህን ያደረገውም መንግሥቱ አዝዞት፣ ለመንግሥቱ ጥቅም ነው። ውሉ በችሎቱ ላይ አገርን የማድማት ሤራ ሆነ። ማርጎሊየስ ጽዮናዊ ቢሆን ኖሮ በ1948 ከተከፈተው በር ለመውጣት ጊዜውም ሥልጣኑም ነበረው፤ እርሱ ግን ፕራግ ውስጥ ቀረ፣ በዲሴምበር 3 ቀን 1952 ከአሥሩ ጋር ተሰቀለ። አመዳቸው ከከተማው ውጭ በበረዶ በተሸፈነ መንገድ ላይ ተበተነ። ከተሰቀሉት መካከል ከሦስቱ አይሁድ ካልሆኑት አንዱ ቭላድሚር ክሌሜንቲስ ሲሆን የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሳለ መሣሪያው ለእስራኤል ሲሄድ ከባለሥልጣኖቹ አንዱ ነበር። በስታሊን በጎ ፈቃድ የተሠራው ሥራ በአራት ዓመት ውስጥ በክስ መዝገብ ላይ ወንጀል ሆኖ ሰፈረ፤ በዕድሜ ልክ እስራት የተረፈው አርቱር ሎንዶንም መርማሪው ሂትለር የጀመረውን እኛ እንጨርሳለን ብሎ አንገቱን አንቆ እንደዛተበት በኋላ ጽፏል። ፓርቲው በ1963 ተከሳሾቹን ከክሱ ነጻ አድርጓል። ከአሥራ አንዱ ስም አጠገብ ስለተጻፈው ሐረግ ግን ብዙ መናገር አልፈለገም።

አንድ እግረ መንገድ። በዚያ ችሎት ምስክር ሆኖ የቀረበ መርደኻይ ኦረን የሚባል እስራኤላዊ ነበር። እርሱ እውነተኛ ጽዮናዊ ነው፤ ነገር ግን ሶቪየት ኅብረትን እንደ ሁለተኛ አገሩ ከሚያይ ማፓም ከተባለ የግራ ፓርቲ የመጣ ሰው ነው። በማግሥቱ ዓመት 15 ዓመት ተፈረደበት፤ በ1956 ተለቀቀ። ከተራው ሁሉ የሞስኮ ወዳጅ የሆነውን ጽዮናዊ መርጦ ማሰር የሚገርም ነው፤ ወዳጅነቱ ግን እንደ ማርጎሊየስ የፓርቲ መታወቂያ ሁሉ ለምንም አልጠቀመውም።

ጸሐፊው በመሐል ጣል የሚያደርጉት አንድ መስመርም አለ፤ ጽዮናዊነትን ከዘረኝነት የመደበው የተባበሩት መንግሥታት ውሳኔ ቁጥር 3379 የ«ተራማጅ አገሮች ሁሉ» ድምፅ ነበር ይላሉ። በኖቬምበር 10 ቀን 1975 ውሳኔው የጸደቀው በ72 ድጋፍ፣ በ35 ተቃውሞና በ32 ድምፀ ተዓቅቦ ነው። ከተዓቀቡት ውስጥ ኢትዮጵያ ትገኛለች፤ ያን ጊዜ በሥልጣን ላይ የነበረው ማን እንደሆነ እናውቃለን። ውሳኔው በዲሴምበር 1991 ተሽሯል።

ወደ ፖላንድ ልለፍ፤ የጸሐፊው ድክመት እዚህ ላይ ከሁሉ ይበልጥ ጎልቶ ይታየኛል። እርሳቸው እንደሚሉት ከ1967ቱ የስድስት ቀን ጦርነት በኋላ «ልባቸው እስራኤል የነበረ» አይሁድ ሄዱ፣ መንግሥትም በሩን ከፈተላቸው። በሩ የተከፈተበትን መንገድ እንመልከት። የፓርቲው መሪ ቭላዲስላቭ ጎሙልካ በጁን 19 ቀን 1967 በሠራተኛ ማኅበራት ጉባኤ ላይ ባደረገው ንግግር በእስራኤል ድል ደስ ስላላቸው የፖላንድ አይሁድ ሲናገር «አምስተኛ ረድፍ» የሚለውን ቃል ተጠቀመ። ሕዝቡ በሬዲዮ ሰማው፤ በማግሥቱ በታተመው ግልባጭ ላይ ግን ቃሉ የለም። የጎሙልካ ባለቤት ራሷ አይሁዳዊት ነበረች፤ ይህን ለመከላከያ የሚያነሡ አሉ፣ ጸሐፊውም አንሥተውታል። በዘመቻው ላይ ያመጣው ለውጥ ግን አልታየኝም። «አምስተኛ ረድፈኛ» መባል የሚያስከትለውን ለሚያውቅ የአዲስ አበባ ሰው ቃሉ ከታተመው ላይ መሰረዙም አያጽናናም፤ ቀበሌው የሚሠራው በሰማው ነው።

በማርች 1968 የዋርሶ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች አመጹ። ምክንያቱ እስራኤል አልነበረችም። የአገሪቱ ታላቅ ባለቅኔ አዳም ሚትስኪዬቪች በአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን የጻፈው፣ የሩሲያን ዛሮች የሚያወግዝ ተውኔት ከመድረክ እንዲወርድ ታዘዘ፤ ተመልካቹ ሩሲያ በተነሣች ቁጥር ያጨበጭብ ነበርና። ተማሪዎቹ ይህን ሲቃወሙ በማርች 8 ቀን ተደበደቡ። ከሦስት ቀን በኋላ አንድ ጋዜጣ የአመጹን መሪዎች ስም ዘርዝሮ አወጣ፤ ከሁሉም መካከል ተመርጠው የተዘረዘሩት የአይሁድ ትውልድ ያላቸው ወጣቶች ነበሩ፤ አንዱ አዳም ሚኽኒክ ነው። ፋብሪካ በፋብሪካ ስብሰባ ተጠራ፤ ሠራተኞች «ፓርቲውን ከጽዮናውያን እናጽዳ» የሚል መፈክር ይዘው ፎቶ ተነሡ። በማርች 19 ቀን ጎሙልካ የፖላንድን አይሁድ በሦስት ከፈላቸው፦ ልባቸው እስራኤል የሆነ፣ ፖላንዳዊም አይሁዳዊም ያልሆኑ ኮስሞፖሊታን፣ ፖላንድን ብቻ አገሬ የሚሉ። የትኛው ሰው ከየትኛው ምድብ እንደሚገባ የሚወስነው ግን ባለቤቱ አልነበረም፤ መሥሪያ ቤቱ፣ ዩኒቨርሲቲውና በሚየቺስላቭ ሞቻር የሚመራው የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር ነበሩ።

በዚህ ሁኔታ ከ1968 እስከ 1971 ድረስ 13,000 ያህል ሰዎች ፖላንድን ለቀቁ። ከጦርነቱ በፊት ከሦስት ሚሊዮን በላይ አይሁድ በኖሩበት አገር የቀሩት ጥቂቶች ነበሩ፤ ከእነዚያ ጥቂቶች ነው እንግዲህ የሄዱት። ጸሐፊው «በፈቃዳቸው» ስላሉት ቃል ለማሰብ አንዱን ተጓዥ በዋርሶ ግዳንስክ ባቡር ጣቢያ ላይ ማየት ይበቃል። ለመውጣት የፖላንድ ዜግነቱን እንዲነጠቅ ራሱ ማመልከት ነበረበት፤ መድረሻዬ እስራኤል ነው ብሎም መፈረም ነበረበት። በምትኩ የሚሰጠው ፓስፖርት አልነበረም፤ የጉዞ ሰነድ የሚባል ወረቀት ነው፤ በላዩም የያዘው ሰው የፖላንድ ዜጋ አለመሆኑ ተጽፏል። የማን ዜጋ እንደሆነ አይልም። አሁን የጸሐፊውን ክርክር የሚፈትን ቁጥር ይኸውና፦ እንዲህ «ወደ እስራኤል» ከተሸኙት መካከል በእርግጥ እስራኤል የገቡት ሲሶ አይሞሉም። የቀሩት ወደ ስዊድን፣ ወደ ዴንማርክ፣ ወደ አሜሪካና ወደ ሌላም ሄዱ። ልባቸው እስራኤል የነበረ ሰዎች፣ የእስራኤል ቪዛ በእጃቸው ይዘው፣ ቪየና ላይ ባቡር ቀየሩ ማለት ነው?

ለዚህ ሁሉ የምዕራባውያን ምስክር አላስፈልገኝም። ኤድዋርድ ኦኻብ በ1956 የፓርቲው መሪ፣ በ1968 ደግሞ የአገሪቱ ርእሰ ብሔር ነበር፤ አይሁዳዊ አልነበረም፣ የዕድሜ ልክ ኮሙኒስት ነበር። በዚያው ዓመት ኤፕሪል ይህን ዘመቻ ተቃውሞ ሥልጣኑን ለቀቀ።

«ያወገዙትም ራሳቸው አይሁድ ነበሩ» የሚለው ነጥብ ቀላል መልስ የሚሰጠው አይደለም፤ በውስጡ የሰዎች ሕይወት አለ። በማርች 4 ቀን 1970 በሞስኮ ታላቅ የጋዜጠኞች ጉባኤ ተጠርቶ ታዋቂ የሶቪየት አይሁድ እስራኤልን እንዲያወግዙ ተደረገ፤ ባሌሪና ማያ ፕሊሴስካያ በዚያ ተቀምጣ ነበር፤ አባቷን የረሸነው ያው መንግሥት ነው። በ1983 ለተቋቋመው የሶቪየት ሕዝብ ፀረ ጽዮናዊ ኮሚቴ ሊቀ መንበር የተደረገው ጄኔራል ዳዊት ድራጉንስኪ ሁለት ጊዜ የሶቪየት ኅብረት ጀግና የተባለ፣ ቤተሰቡን ናዚዎች የፈጁበት የታንክ አዛዥ ነበር። ምናልባትም የሚናገረውን ያምን ነበር፤ ስለ ልቡ አልፈርድም። ግን አንድ መንግሥት ስለ ጽዮናዊነት የሚናገርለት ሰው ሲፈልግ ሁልጊዜ የአይሁድ ስም ያለው ሰው የሚፈልግ ከሆነ፣ ጉዳዩ የአቋም ሳይሆን የትውልድ እንደሆነ እየመሰከረ ነው። ፖለቲካዊ ንቅናቄን ለማውገዝ ማንም ሩሲያዊ ጄኔራል ይበቃ ነበር። ኮሚቴው የሠራውም ይታወቃል፦ በ1979 ከ50,000 በላይ አይሁድ ከሶቪየት ኅብረት ወጥተው ሳለ በ1984 የወጡት አንድ ሺህ አልሞሉም፤ በዚህ መካከል ኮሚቴው ቤተሰብ የማገናኘቱ ሥራ በመሠረቱ ተጠናቋል ብሎ ለዓለም ጋዜጠኞች ተናገረ፤ በሺዎች የሚቆጠሩ ማመልከቻዎች ግን ውድቅ ሆነው ተቀምጠው ነበር።

ጸሐፊው በጽሑፋቸው ሁለት ቦታ «የሶቪየት ጽሑፎች ጽዮናውያን ይላሉ እንጂ አይሁድ አይሉም» ብለው ይሞግታሉ። ይህን ሙግት ለመጨረሻ ያቆየሁት ስለሚያጓጓኝ ነው። እኔ ጽዮን የሚለውን ቃል ከኅዳር ጽዮንና ከዳዊት መዝሙር በቀር በማላውቅበት ዕድሜ «ጽዮናዊነት» የሚለውን እንደ ስድብ ያገኘሁት ከሞስኮ በአማርኛ እየታተሙ በሚመጡት ርካሽ መጻሕፍት ውስጥ ነበር፤ ያን ጊዜ ቃሉ ምን ለመተካት እንደገባ የሚነግረኝ አልነበረም። ነገሩን በኋላ የገለጠልኝ አንድ የፓሪስ ችሎት ነው።

በሴፕቴምበር 1972 በፓሪስ የሶቪየት ኤምባሲ የሚያሳትመው መጽሔት እስራኤልን የሚያወግዝ ጽሑፍ አወጣ፤ የአይሁድ ሃይማኖታዊ ሕግ አሕዛብን መጥላትና ማታለል ያዛል ለማለት የተጠማዘዙ ጥቅሶችን ይደረድር ነበር። በፈረንሳይ ፀረ ሴማዊነትን የሚታገል አንድ ማኅበር ከሰሰ። በችሎቱ ላይ ከሩሲያ የወጣ ደራሲ ግሪጎሪ ስቪርስኪ ቀርቦ አንድ አሮጌ መጽሐፍ አሳየ። መጽሐፉ በ1906፣ ከአብዮቱ በፊት፣ «ጥቁር መቶዎች» የሚባሉት የዛሩ ደጋፊ አይሁድ ጠሎች በሩሲያ ያሳተሙት ነው። የኤምባሲው ጽሑፍ ከዚያ ላይ ረዥም ረዥም ክፍሎችን እየገለበጠ ነበር። ልዩነቱ በ1906ቱ «አይሁድ» የሚለው ቃል በነበረባቸው ቦታዎች «ጽዮናውያን» የሚል መግባቱ ነው። በኤፕሪል 1973 ፍርድ ቤቱ የመጽሔቱን ኃላፊ ጥፋተኛ አለው።

ሌኒን በ1919 በሸክላ ያወገዛቸው እነዚያው ጥቁር መቶዎች ናቸው። ኤምባሲው የተረከበው የእነርሱን ጽሑፍ ነበር፤ ከጨመረበት አንድ ቃል በቀር። ይህ ደግሞ የአንድ ጸሐፊ ስንፍና እንዳይመስለን፣ በ1963 በኪየቭ የዩክሬን ሳይንስ አካዳሚ ባሳተመው የትሮፊም ኪችኮ መጽሐፍ ውስጥ አፍንጫቸው እንደ ናዚ ጋዜጦች ሥዕል የተቆለመመ አይሁድ ተሥለው እንደነበር እናስታውስ፤ የፈረንሳይና የጣሊያን ኮሙኒስቶች ሳይቀሩ ጮኹና በማግሥቱ ዓመት ከገበያ ወጣ። ከ1967 በኋላ ኪችኮ ስለ ይሁዲነትና ጽዮናዊነት ሌላ መጽሐፍ አሳተመ፤ በዚህኛው ጊዜ የከለከለው አልነበረም።

ቀሪው ነጥብ የጸሐፊው መደምደሚያ ነው፤ ይህን ታሪክ የሚያነሣ ሰው እስራኤልን መተቸት እንዲቆም ይፈልጋል የሚለው። እኔ አልፈልግም። ሰው የዌስት ባንክን የሰፈራ መንደሮች፣ የጋዛን ጦርነት፣ የፍልስጤማውያንን መፈናቀል በመረረ ቃል ቢያወግዝ ከዚህ ጽሑፍ ጋር አይጋጭም። የሚጋጨው ትችቱን ከሞስኮና ከዋርሶ ፕሮፓጋንዳ ለመውረስ ሲሞክር ነው፤ ጽዮናዊነትን ከልብ ለሚቃወም ሰው የሚሆን ከዚያ የተሻለ ውርስ ነበርና፣ እርሱንም ያጠፉት እነዚያው መንግሥታት ናቸው። ቡንድ የተባለው የአይሁድ ሠራተኞች ፓርቲ በ1897 በቪልና ተመሠረተ፤ አይሁድ በሚኖሩበት አገር፣ በሚናገሩት ይዲሽ፣ ከጎረቤታቸው ጋር እኩል ሆነው ይኑሩ እንጂ ወደ ፍልስጤም አይሰደዱ የሚል ነበር። በፖላንድ መሪዎቹ ሄንሪክ ኤርሊኽና ቪክቶር አልተር ከናዚ ሸሽተው በሶቪየት እጅ ወደቁ። አይሁድን ከናዚ ጋር በሚደረገው ትግል ለማሰባሰብ የኮሚቴ ሐሳብ አቀረቡ፤ በዲሴምበር 1941 ታሠሩ፤ ኤርሊኽ በእስር ቤት ሕይወቱ አለፈ፣ አልተር ተረሸነ። ሞስኮ በ1943 ለዓለም ስትናገር የሶቪየት ወታደሮች ከጀርመን ጋር ሰላም እንዲያደርጉ ሲቀሰቅሱ ተደርሶባቸው ነው አለች። ሁለት የአይሁድ ሶሻሊስቶች፣ ለሂትለር ሲሠሩ።

ከቡንድ ወጣቶች አንዱ ማሬክ ኤደልማን ናዚዎች አይሁድን ባጎሩበት የዋርሶ ጌቶ በኤፕሪል 1943 በተነሣው አመጽ ከመሪዎቹ ተራ የቆመ፣ መጨረሻ ላይም ተዋጊዎቹን የመራ ሰው ነው። ጽዮናዊነትን እስከ ዕለተ ሞቱ አልተቀበለም፤ ከጦርነቱ በኋላ ብዙ ጓዶቹ ወደ እስራኤል ሲሄዱ እርሱ ውች ከተማ ላይ የልብ ሐኪም ሆኖ ቀረ፤ ሙታኑን የሚጠብቅ ሰው ያስፈልጋል ይል ነበር። ፓርቲው ቡንድን በ1949 ሲያስፈርስም እዚያው ነበረ። ከ1968ቱ ዘመቻ በኋላ ሚስቱና ሁለት ልጆቹ አገሩን ለቀው ፈረንሳይ ገቡ፤ እርሱ አልሄደም።